ወቄት፦ ከነጋዴ ሚዛን እስከ ዘካና መህር

(በሬዲዮ ዝግጅታችን ከቀረበ ንግግር ለኅትመት የተዘጋጀ)

የዛሬው ዝግጅታችን የሚያጠነጥነው በአንዲት ቃል ላይ ነው። ቃሏ «ወቄት» ትባላለች። አያቶቻችን በየገበያው ሲጠሯት የኖሩ ቢሆንም ዛሬ ከወርቅ ሠሪ ሱቅና ከኪታብ ገጽ ውጭ እምብዛም አትሰማም። ስለ አንድ ቃል ይህን ያህል ጊዜ መውሰድ ለምን አስፈለገ የሚል ካለ መልሱ ከአንድ አድማጫችን ጥያቄ ውስጥ ይገኛል።

ጠያቂው ወንድማችን በፍኖተ ሰላምና በቡሬ መካከል ካለ ገጠር ነው። እህቱ ልትዳር ነው። ሁለቱ ቤተሰቦች ለሽምግልና ሲቀመጡ የልጅቷ አባት «መህሩ የነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ሚስቶች መህር ይሁን፤ አስራ ሁለት ወቄት ተኩል ብር» አሉ። የወንዱ ወገኖችም በደስታ ተቀበሉ። ነገሩ የተወሳሰበው በማግስቱ ነው። አንድ አዛውንት «አንድ ወቄት ማለት የአንድ ጠገራ ብር ክብደት ነው፤ ስለዚህ አስራ ሁለት ጠገራ ከአላድ ይበቃል» ሲሉ፣ ከወሎ ቀርቶ የመጣ አንድ ደረሳ ደግሞ «የለም፣ ከሃምሳ ጠገራ በላይ ነው» አለ። ሁለቱም ይምላሉ። ወንድማችን «ማንኛው ነው ልክ?» ሲል ይጠይቃል። ጉዳዩ የአንዲት ሴት ሐቅ ነው። በሌላ በኩል የዘካንም ጉዳይ ይነካል። ስለሆነም ወደ ኋላ ሄደን ቃሏን ከመነሻዋ እንመልከት።

በመጀመሪያ ከአዛውንቱ እንነሳ፤ ምክንያቱም አዛውንቱ የተናገሩት ከባዶ ተነስተው አይደለም። በአገራችን ሚዛን ወቄት በእርግጥም ትንሽ ክብደት ናት። በጎንደር ዘመን ጽሑፎች ውስጥ የርስት መሬት ሲሸጥና ሲለወጥ ዋጋው በወቄት ወርቅ ተጽፎ እናገኛለን። ከዚያም በፊት እ.ኤ.አ በ1520 ወደ አገራችን የመጣው ፖርቱጋላዊው ቄስ አልቫሬዝ የንጉሡን ግብር ሲዘረዝር ወርቁን የሚቆጥረው በዚችው ቃል ነው። እ.ኤ.አ በ1770 ጎንደር የገባው ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ ደግሞ አንድ የጎንደር ወቄት አስር «ድሪም» መሆኑን መዝግቧል። በሰጠው ልክ ሲሰላ ወደ 26 ግራም ይጠጋል።

አስር ድሪም የምትለዋን ነገር እባካችሁ ያዙልኝ፤ በኋላ እንመለስባታለን።

ከዚያ ወዲህ የማርያ ቴሬዛ ብር፣ ማለትም እኛ ጠገራ የምንለው፣ በአገሪቱ ተስፋፋ። ይህ ብር 1780 የሚለውን ዓመት እንደያዘ በየጊዜው ሲመታ የኖረ ሲሆን፣ ክብደቱ 28.07 ግራም ነው። አንዱ ከሌላው ስለማይበልጥና ስለማያንስ ነጋዴው ሌላ የሚዛን ድንጋይ መፈለጉን ትቶ በሚዛኑ አንድ ወገን ጠገራውን፣ በሌላው ወገን ወርቁን ማስቀመጥ ጀመረ። በዚህም የተነሳ ወቄት ማለት የአንድ ጠገራ ክብደት፣ አላድ ማለት ደግሞ ግማሹ ሆነና ጸና። አፄ ምኒልክ በስማቸው ያስመቱት ብርም በዚሁ ክብደት ነበር። በየቤቱ ሣጥን ውስጥ የተቀመጠ የአያት ሚዛን ያላችሁ ተመልከቱት፤ የሚዛኑ ድንጋይ ብዙ ጊዜ ያው ጠገራ ራሱ ነው።

የጎጃም ሙስሊም ከዚህ ሚዛን ጋር የነበረው ግንኙነት ከሌላው የጠነከረ ነበር። ምክንያቱ ግልጽ ነው፤ ርስት አልነበረውም። በዚያ ሥርዓት መሬት ከክርስቲያን ዘር ጋር የተያያዘ ስለነበር ሙስሊሙ ወይ ይሸምናል፣ ወይ ይነግዳል። በጎጃምና በበጌምድር «ነጋዴ» የሚለው ቃል ራሱ ሙስሊም ለማለት እስከሚያገለግል ድረስ ደርሶ እንደነበር ብዙዎቻችን ከሽማግሌዎች ሰምተናል። ሀብቱ በማሳ ላይ የማይታይ፣ በአህያ ጀርባና በሣጥን ውስጥ ያለ ሀብት ነበር፤ አሞሌ፣ ጥጥ፣ ነጠላ፣ ዝባድ፣ ብር፣ ወርቅ። ይህ ሁሉ ተቆጥሮ ወይም ተመዝኖ የሚታወቅ ነው።

የንግዱ መስመር ከጎንደር ተነስቶ ጣናን ዞሮ ጎጃምን ያቋርጥና አባይን ይሻገራል። ከየጁቤ አጠገብ የነበረው የባሶ ገበያ በ19ኛው ክፍለ ዘመን በአካባቢው ወደር አልነበረውም። እ.ኤ.አ ከ1841 እስከ 1843 በጎጃም የቆየው እንግሊዛዊው ቻርልስ ቢክ ስለ ጎጃም ንግድና ስለ ባሶ ብዙ ጽፏል። ቡሬ ደግሞ ወደ ሆሮ ጉዱሩና ወደ ወለጋ ለሚሻገረው ነጋዴ መውጫና መግቢያ በር ነበረች። ዛሬ ከቡሬ ወደ ነቀምት በሚወስደው መንገድ መኪና ላይ ተቀምጦ የአባይን በረሃ የሚሻገር ሰው፣ ያኔ ያንን ቁልቁለት አህያና በቅሎ ጭኖ መውረድ ምን ያህል እንደሚከብድ መገመት አያቅተውም። ከዚያ ማዶ ወርቅ፣ የዝሆን ጥርስ፣ ቡናና ዝባድ ይመጣል። ቡናው በፈረሱላ፣ ወርቁና ዝባዱ በወቄት። እውነቱን መሸሸግ አይገባምና በዚያው መንገድ የሰው ልጅም በዋጋ ተነድቶ አልፏል። በዚህ ንግድ የእኛም ሰዎች እጅ እንደነበረበት መናገር ግድ ይላል።

የጎጃሙ ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ይህን የወርቅ መንገድ ለመቆጣጠር አባይን ተሻግረው ነበር። ይሁን እንጂ እ.ኤ.አ በ1882 እምባቦ ላይ በምኒልክ ጦር ተሸነፉና የወለጋ ወርቅ ፊቱን ወደ ሸዋ አዞረ። የቡሬና የባሶ ገበያ የቀድሞ ግርማውን ያጣው በዚህ ምክንያት ነው ቢባል የተጋነነ አይሆንም። ሆኖም ገበያው ሲዛወር ቃሏ አልቀረችም። የወለጋ ገዥዎችም ሆኑ የአሶሳው ሼኽ ሖጀሌ ለምኒልክ መንግሥት የሚገብሩት ወርቅ ያው በወቄት ይቆጠር ነበር።

እንግዲህ እስካሁን ያየነው የአዛውንቱን ወቄት ነው። አሁን የደረሳውን እንይ።

ወቄት የዐረብኛው «ኡቂያ» ናት። በዐረብኛው «ወቂያ» ተብላም ትነበባለች፤ የእኛዋ ለዚህኛው አነባበብ ትቀርባለች። የዐረብ መዝገበ ቃላት «ወቃ»፣ ማለትም ጠበቀ፣ ከሚለው ሥር ሥር ያሰፍሯታል። የዛሬ የቋንቋ አጥኚዎች ግን ከሮማውያን «ኡንኪያ» ጋር ያገናኟታል። ኡንኪያ አንድ አስራ ሁለተኛ እጅ ማለት ነው። የእንግሊዞቹ «አውንስ» ከዚያው የወጣ ነው፤ የሚገርመው ርዝመት የምንለካበት «ኢንች» እንኳ ከዚያው ነው፤ የአንድ ጫማ አስራ ሁለተኛ ስለሆነ። ሞሪታኒያ እ.ኤ.አ ከ1973 ጀምሮ የገንዘቧን ስም «ኡጊያ» ብላለች። በኢብን ሲናም ሆነ በሌሎች የሕክምና ኪታቦች ውስጥ መድኃኒት የሚቀመመው በዲርሃም፣ በሚስቃልና በኡቂያ ነው። አንድ ቃል እንግዲህ ከወርቅ ገበያ እስከ ሐኪም ቤት፣ ከንጉሥ ግምጃ ቤት እስከ ፊቅህ ኪታብ ትዞራለች። ችግሩ በየሄደችበት ክብደቷ የተለያየ መሆኑ ነው።

በሐዲስ ውስጥ ኡቂያን ደጋግመን እናገኛታለን። ጃቢር ኢብን ዐብደላህ (ረ.ዐ) ከዘመቻ ሲመለሱ ግመላቸው ደክሞ ከኋላ ይቀራል። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ይደርሱባቸውና ግመሉን ይነኩታል፤ ግመሉም በፊት ሄዶት በማያውቀው ፍጥነት ይሄዳል። ከዚያም ሽጥልኝ ይሏቸዋል። የዋጋው ነገር በዘገባዎች ቢለያይም በአብዛኞቹ አንድ ኡቂያ ነው። መዲና ሲደርሱ ጃቢር ግመሉን አስረከቡ፣ ዋጋቸውንም ተቀበሉ። መሄድ ሲጀምሩም ተጠርተው ግመሉ ከነዋጋው ተመለሰላቸው። ቡኻሪና ሙስሊም ዘግበውታል።

ሌላዋ በሪራ (ረ.ዐ) ናት። ባሪያ ነበረች፤ ራሷን ነጻ ለማውጣት ከጌቶቿ ጋር በዘጠኝ ኡቂያ ተዋዋለች፤ በየዓመቱ አንዳንድ ኡቂያ። እናታችን ዓኢሻ (ረ.ዐ) ዘንድ እርዳታ ፍለጋ መጣች፤ ዓኢሻም በአንድ ጊዜ ከፍለው ነጻ አወጧት። ሰልማን አል-ፋሪሲም (ረ.ዐ) ነጻ የወጡት ሦስት መቶ የተምር ችግኝ ተክለውና አርባ ኡቂያ ወርቅ ከፍለው መሆኑን ኢማም አሕመድ ዘግበዋል። ችግኙን በመትከል ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ራሳቸው ተባብረዋቸዋል። ቅድም ስለ አባይ ማዶው ንግድ የተናገርነውን እዚህ ላይ አስታውሱት። በእኛ አገር መንገድ ሰው በሚሸጥበት ሚዛን፣ በመዲና ሰው ነጻ ይወጣበት ነበር።

አሁን ወደ ቁጥሩ እንግባ። በሸሪዓ አንድ ኡቂያ ብር ስንት ነው? አርባ ዲርሃም ነው። በ676 ሂጅሪያ የሞቱት ኢማም ነወዊ በሙስሊም ማብራሪያቸው የሐዲስ፣ የፊቅህና የቋንቋ ሊቃውንት በዚህ ላይ መስማማታቸውንና ይህም የሒጃዝ ኡቂያ መሆኑን ገልጸዋል። ለዚህ ሐዲሶቹ ራሳቸው ማስረጃ ናቸው። ከአምስት ኡቂያ በታች በሆነ ብር ላይ ዘካ እንደሌለ ቡኻሪና ሙስሊም ዘግበዋል፤ የብር ኒሷብ ደግሞ ሁለት መቶ ዲርሃም መሆኑ የታወቀ ነው። ሁለት መቶን ለአምስት አካፍሉት፤ አርባ ይመጣል። እናታችን ዓኢሻም ስለ ሚስቶቻቸው መህር ተጠይቀው አስራ ሁለት ኡቂያና «ነሽ» ብለዋል፤ ነሽ ግማሽ ኡቂያ መሆኑንና ድምሩ አምስት መቶ ዲርሃም መሆኑንም አብራርተዋል። ሙስሊም ዘግበውታል። አስራ ሁለት ተኩልን በአርባ አባዙ፤ አምስት መቶ ነው።

እንግዲህ ያዙልኝ ወዳልኳችሁ እንመለስ። የጎንደር ወቄት አስር ድሪም፤ የሸሪዓው ኡቂያ አርባ ዲርሃም። ድሪም ማለት ያው ዲርሃም ነው፤ ቃሉ አብሮ ተሻግሮ መጥቷል። ታዲያ አርባው እንዴት አስር ሆነ? አያቶቻችን አሳስተው አይደለም። በሙስሊሙ ዓለም ራሱ ሁለት ዓይነት ኡቂያ ነበር። አንደኛው የጥንቱ የሒጃዝ የብር ኡቂያ ነው፤ ባለ አርባው። ሁለተኛው የገበያ ኡቂያ ነው፤ የአንድ ረጥል አስራ ሁለተኛ እጅ ሆኖ እንደየአገሩ አስርም፣ አስራ ሁለትም ዲርሃም ይመጣል። በግብፅ ለምሳሌ ረጥሉ 144 ዲርሃም ስለነበር ኡቂያው 12 ዲርሃም ነበር። በቀይ ባሕር በኩል ወደ እኛ የተሻገረው ይህ የነጋዴው ኡቂያ ነው። በሌላ በኩል በኪታብ የተሻገረው የፊቅሁ ኡቂያ ነው። ሁለቱ በየራሳቸው መንገድ መጥተው ጎጃም ላይ በአንድ ስም ተገናኙ።

ግራም ላይ እናውለው። በኸሊፋ ዐብዱልመሊክ ዘመን በጸናው ልክ አስር ዲርሃም ከሰባት ሚስቃል ጋር እኩል ነው። ሚስቃል 4.25 ግራም ስለሆነ ዲርሃም 2.975 ግራም ይሆናል። በዚህ ስሌት አንድ የሸሪዓ ኡቂያ 119 ግራም ብር ነው፤ ከአንድ የጎጃም ወቄት አራት እጥፍ ይበልጣል። አምስቱ ኡቂያ 595 ግራም ነው፤ በእኛ ሚዛን ሃያ አንድ ወቄት ከትንሽ። አስራ ሁለት ተኩሉ ደግሞ 1487.5 ግራም፣ ማለትም ወደ አንድ ኪሎ ተኩል የሚጠጋ ብር፣ በእኛ ሃምሳ ሦስት ወቄት ያህል ነው። (በሐነፊ ኪታቦች ላይ የተመሠረቱ አንዳንድ ስሌቶች ከዚህ ጥቂት ከፍ ይላሉ፤ ልዩነቱ ግን ትንሽ ነው።)

ደረሳው እንግዲህ ትክክል ነበር። እንዲያውም ጠገራ ብር ሙሉ በሙሉ ንጹህ ብር አይደለም፤ ከሺህ እጅ 833ቱ ብቻ ነው ብር። ንጹሁን ብቻ የምንቆጥር ከሆነ በአንዱ ጠገራ ውስጥ ያለው 23.39 ግራም ስለሆነ መህሩ ወደ ስልሳ አራት ጠገራ ይደርሳል። አስራ ሁለት ጠገራ ከአላድ የሰጠ ሰው «የነቢዩን ሚስቶች መህር ሰጠሁ» ቢል ከሩብም ያነሰ ሰጥቷል ማለት ነው።

የዘካው ጉዳይም እንደዚሁ ነው፤ ይልቁንም የባሰ ነው፤ ምክንያቱም ስህተቱ የሚጎዳው ድሃውን ነው። አምስት ወቄት የሚለውን በጎጃም ወቄት የቆጠረ ሰው 140 ግራም ብር፣ ማለትም አምስት ጠገራ፣ ያላትን ባልቴት ዘካ አለብሽ ይላታል። ማውጣቷ በራሱ ሶደቃ ሊሆንላት ይችላል። ነገር ግን ኒሷብ አላት ተብላ ከሚሰጣቸው ሰዎች መዝገብ ልትፋቅም ትችላለች። በአንገቷ ላይ የምታንጠለጥለው ጌጥ ከሆነ ደግሞ ሌላ ጥያቄ አለ፤ ሐነፊዎች በጌጥም ላይ ዘካ አለ ሲሉ ብዙኃኑ የሚለበስ ጌጥ ዘካ የለበትም ይላሉ። ይህን በአካባቢያችሁ ያሉ ዓሊሞችን ጠይቁ።

ወርቅን በተመለከተ ግን አንድ የሚገርም አጋጣሚ አለ። የወርቅ ኒሷብ ሃያ ሚስቃል፣ 85 ግራም ነው። ሦስት የጎጃም ወቄት 84.2 ግራም ይመጣል። ለጥቂት ነው የሚያመልጠው! ሦስት ወቄት ወርቅ ያለው ሰው አንዲት ቅንጣት ስትጨመርበት ኒሷብ ሞላ ማለት ነው። ይሁንና በዜና የሚነገረውን የዓለም የወርቅ ዋጋ «በወቄት» ብለው የሚተረጉሙ ስላሉ ተጠንቀቁ፤ ያኛው ወቄት አውንስ ነው፤ 31.1 ግራም ይመዝናል፤ ሦስቱ ከኒሷብ በላይ ነው።

አንድ ነገር በመሐል ጣል ላድርግ። ከየካቲት 1967 ዓ.ም የመሬት አዋጅ በኋላ የጎጃም ሙስሊም ገበሬም ሆኗል። በቡሬና በፍኖተ ሰላም ዙሪያ በቆሎ፣ ጤፍና በርበሬ ያመርታል። የአባቱ ዘካ በሚዛን ነበር፤ የእርሱ በቁናም ሆኗል። ያው ሐዲስ ስለ እህል ሲናገር «አምስት ወስቅ» ይላል፤ 300 የመዲና ሷዕ ማለት ነው። ወስቅም እንደ ወቄት የራሷ ታሪክ ስላላት ኢንሻ አላህ በሌላ ጊዜ እንመለስባታለን።

አሁን ወደ ወንድማችን ጥያቄ። ሚዛን የመካ ሰዎች ሚዛን፣ ስፍር የመዲና ሰዎች ስፍር መሆኑን የሚገልጽ ሐዲስ አቡ ዳዉድና ነሳኢ ዘግበዋል። ዑለማዎች ከዚህ የተረዱት ሸሪዓ ራሱ የወሰነው ልክ፣ እንደ ዘካ ኒሷብ ያለው፣ በየአገሩ ገበያ እንደማይለወጥ ነው። ሰዎች በመካከላቸው የሚዋዋሉት ግን በተናገሩበት አገር ልማድ ይተረጎማል፤ ቡሬ ገበያ ላይ «ሁለት ወቄት ዝባድ» ብሎ የገዛ ሰው 238 ግራም ስጠኝ ሊል አይችልም። መህርም ውል ነው። ወሰኑን ሁለቱ ወገኖች ይስማሙበታል፤ የነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ሚስቶች መህርም በሌላው ላይ ግዴታ አይደለም። በራሳቸው ሚስቶች ዘንድ እንኳ እኩል አልነበረም፤ ለኡሙ ሐቢባ (ረ.ዐ) የእኛው ነጃሺ የከፈሉላት 4000 ዲርሃም መሆኑን አቡ ዳዉድ ዘግበዋል። መቶ ኡቂያ ማለት ነው።

የእናንተን ጉዳይ ያከበደው አባትህ ሁለቱንም በአንድ አፍ መናገራቸው ነው። «የነቢዩ ሚስቶች መህር» ያሉት ወደ አምስት መቶ ዲርሃም ይወስደናል፤ «አስራ ሁለት ወቄት ተኩል» ያሉት ደግሞ በአገሩ ልማድ ወደ አስራ ሁለት ጠገራ ከአላድ ይወስደናል። ኒካሑ ታስሮ ቢሆን ኖሮ ጉዳዩ ቃዲ ፊት የሚያቀርብ ነበር። አልሐምዱሊላህ፣ እንደጻፍክልን ኒካሑ ገና አልታሰረም። ስለዚህ ሽማግሌዎቹን መልሳችሁ አስቀምጡ። አባትህ ያሰቡት የትኛውን እንደሆነ ይጠየቁ፤ እህትህም ትጠየቅ፤ መህሩ የእርሷ ነውና። የወንዱ ወገንም አቅሙን ይናገር፤ አስራ ሁለት ጠገራ ብቻ ቢሆንም እርሷ ከወደደችው መህር ነው፤ የነቢዩ ሚስቶች መህር ተብሎ ግን አይጠራ። የተስማማችሁበትን «ወቄት» ሳትሉ ይህን ያህል ግራም ንጹህ ብር፣ ወይም በዕለቱ ገበያ ይህን ያህል የኢትዮጵያ ብር ብላችሁ በምስክር ፊት ጻፉት። ኒካሑን የሚያስሩት ሸኽም ያንኑ ይጥሩት።

አዛውንቱንና ደረሳውንም አስታርቁልን። ሁለቱም የያዙት ሚዛን እውነተኛ ነው።